በወረቀት ስድስት ዓመቷ

በሆቴሉ የልብስ ማጠቢያ ክፍል «ተኳሿ» ነው የሚሏት። ጠመንጃ ይዛ አታውቅም፤ የምትተኩሰው አንሶላ ነው። አዲስ ሠራተኛ በተቀጠረ ቁጥር «እሷን እንዳታስቀይም፣ ተኳሽ ናት» እያሉ ያስፈራሩታል፤ እሷ ቀና ሳትል ካውያዋን ትገፋለች። በሥራዋ የሚያማት የለም። በአንድ ፈረቃ ሁለት መቶ አንሶላ ከእጇ ይወጣል፣ ጠርዙ ከጠርዙ የገጠመ፣ አንዲት ጭምድዳት የማይታይበት። ግራ ክንዷ ላይ ከአንጓዋ እስከ ክርኗ የተደረደረ የቃጠሎ ጠባሳ አለ። ምን ሆነሽ ነው ብሎ የሚጠይቃት የለም፤ እዚያ ክፍል ውስጥ ያልተቃጠለ የለም።

ልጇን የወለደችው በሃያ ስድስት ዓመቷ ነበር። አባትየው ሆዷ መግፋት ሲጀምር ሥራ ልፈልግ ብሎ ወጣና የውኃ ሽታ ሆኖ ቀረ። እሷም አልፈለገችውም። ሕፃኗ ሦስት ወር ሳይሞላት ለአንዲት አሮጊት ጎረቤቷ አደራ ሰጥታት ወደ ካውያዋ ተመለሰች። ልጅቷ በእግሯ መሄድ ስትጀምር አሮጊቷ «ፌንጣ» አሏት፤ ስሙም በዚያው ጸና። ከአልጋ ወደ ወንበር፣ ከወንበር ወደ ደጃፍ ትዘላለች። አፏም እንደ እግሯ አያርፍም። ጥላዋ ሲመሽ የት እንደሚያድር፣ የጎረቤት ድመት ለምን ጫማ እንደማታደርግ ትጠይቃለች፤ መልሱን ሳትሰማ ሌላ ትጠይቃለች። ደግሞ እናቷ ከእንግዶች ሸሚዝ ላይ የረገፉ ቁልፎች ሰብስባ በቆርቆሮ ስታመጣላት፣ ወለሉ ላይ ትዘረግፋቸውና አንድ ሰዓት ሙሉ ቀና ሳትል በየቀለማቸውና በየመጠናቸው ትደረድራቸዋለች። አንዱን ቢያነሱባት ወዲያው ታውቃለች።

ልጅቷ አራት ዓመት ከምናምን ወር ሲሆናት የአሮጊቷ ልጅ ከሌላ ከተማ መጣና እናቱን ጠቅልሎ ወሰዳቸው። ተኳሿ ሌላ ሰው አልነበራትም። ሁለት ቀን ልጇን ወደ ሥራ ይዛት ሄደች፤ ልጅቷ በእንፋሎቱ መካከል በጋሪዎቹ ሥር እየተሽሎከሎከች ሠራተኛውን ሁሉ አሳቀችው። በሦስተኛው ቀን ትልቁ የመተኮሻ ማሽን ሊዘጋ ሲል እጇን አስገባች። አንዷ ሠራተኛ በፀጉሯ ጎትታ አወጣቻት። የክፍሉ ኃላፊ አልተቆጣም፤ ነገ ልጅ ይዛ ብትመጣ የሥራ መታወቂያዋን በር ላይ ትታ እንድትመለስ ብቻ ነገራት።

የመንግሥት ትምህርት ቤት ነጻ ነው፤ ከጠዋት እስከ ማምሻ ይይዛል፤ የሚቀበለው ግን ስድስት ዓመት የሞላውን ልጅ ነው። ተኳሿ ሌሊቱን አልተኛችም ብል እዋሻለሁ። ደክሟት ስለነበር ተኝታለች። ጠዋት ተነስታ ሁለት ምስክሮች ይዛ ወደ መዝገብ ቤት ሄደች፤ የልደት ወረቀቱ በውኃ ተበላሽቷል አለች። ከምስክሮቹ አንዷ አጠገቧ ቆማ አንሶላ የምታጥፈው አጣፊዋ ነበረች፣ የልብ ጓደኛዋ። ጸሐፊው ልጅቷ መቼ እንደተወለደች ጠየቀ፤ ተኳሿ ነገረችው፤ ምስክሮቹ አዎ አሉ፤ ማህተሙ አረፈ። ልጅቷ በአንድ ደቂቃ ውስጥ አንድ ዓመት ከአራት ወር አደገች።

የቀረው ልጅቷን ማስጠናት ነበር።

«ስንት ዓመትሽ ነው ሲሉሽ ስድስት በይ።»

«አራት ነኝ እኮ እማ።»

ተኳሿ ጭኗን ቆነጠጠቻት። «ስድስት።»

ልጅቷ አልቅሳ ስድስት አለች። በሳምንቱ ሳይቆነጥጧት ማለት ቻለች። ከጥቂት ወራት በኋላ ደግሞ ራሷም አመነችው፤ ልጅ የተነገረውን ያምናል፣ አራት መሆኗን የሚያስታውሳትም አልነበረም።

ክፍሉ ውስጥ ሃምሳ አራት ልጆች ነበሩ፣ ሦስት ሦስት እየሆኑ አንድ አግዳሚ ላይ የሚቀመጡ። መምህሯ ሃያ ስምንት ዓመት ያስተማረች፣ ድምጿ ከጠመኔው ብናኝ ጋር ያለቀ ሴት ነች። ክፉ አልነበረችም። ከፊቷ ያለውን ነው ያየችው፤ ከፊቷ ያለችው ደግሞ እርሳስ ጨብጣ መስመር መከተል የማትችል፣ በየአምስት ደቂቃው የምትነሳ፣ ተራዋን የማትጠብቅ፣ ላጲሷን በየቀኑ የምትጥል፣ ከምሳ በኋላ አግዳሚው ላይ ተደፍታ የምትተኛ ልጅ ነበረች። ጎኗ የተቀመጡት ሁለቱ ሰባት ሊሞላቸው ወራት የቀራቸው ነበሩ፤ እንደ ሐውልት ቁጭ ይላሉ። መምህሯ ከእነርሱ ጋር አስተያየቻት። ከማን ጋር ታስተያያት?

ተኳሿ ሦስት ጊዜ ተጠራች፤ ሦስት ጊዜም ከፈረቃዋ ቀረች። በአራተኛው ጥሪ መምህሯ ለሐኪም የሚቀርብ ቅጽ ሰጠቻት። አስራ ስምንት ጥያቄዎች አሉት፣ ከየጥያቄው አጠገብ አራት ሳጥን፤ በጭራሽ፣ አንዳንዴ፣ ብዙ ጊዜ፣ ሁልጊዜ። የትምህርት ቤቱን ቅጂ መምህሯ በእረፍት ሰዓት፣ ሻይዋን እየጠጣች ሞልታ ጨርሳዋለች። የቤቱን እናት ትሙላ ተባለ።

ተኳሿ አልጋዋ ላይ ተቀምጣ ሞላችው። «አንድ ነገር ላይ ረጋ ብላ መቆየት ይቸግራታል?» ይላል አንዱ። ልጅቷ ወለሉ ላይ ቁልፎቿን እየደረደረች ነበር። እናቲቱ እስክሪብቶውን ይዛ አየቻት። በጭራሽ ብትል፣ ቤት ሌላ ትምህርት ቤት ሌላ የሆነችው ለምንድን ነው ተብሎ ሊጠየቅ ነው። መጠየቅ ከተጀመረ ደግሞ መዝገብ ቤት ድረስ ይሄዳል፤ ልጅቷም ወደ ቤት ትመለሳለች፤ ከዚያ ካውያው ይቀራል። ብዙ ጊዜ የሚለውን ምልክት አደረገችበት፤ ከዚያ በታች ያሉትንም ሳታነብ በዚያው ረድፍ ወረደችባቸው።

ሐኪሙ ወጣትና ትሑት ሰው ነበር። ከደጅ አርባ ሰው ይጠብቀዋል። ሁለቱን ቅጾች ጎን ለጎን አድርጎ አያቸውና፣ ቤትም ትምህርት ቤትም አንድ ዓይነት ነው አለ፤ ይህ መሆኑ ምርመራውን እንደሚያጠናክር አስረዳት። ልጅቷ ወንበሩ ላይ እየዞረች ነበር። ጆሮዋ በደንብ ይሰማ እንደሆነ፣ ስንት ሰዓት እንደምትተኛ፣ ያሳደጓት አሮጊት በቅርብ ጥለዋት መሄዳቸውን አልጠየቀም። ሚዛን ላይ ካወጣት በኋላ ግን ቁጥሩን ደግሞ አየው።

«ለዕድሜዋ በጣም ቀላል ናት። ስድስት ሞልቷታል አይደል? ከስድስት በታች ከሆነች ይህን መድኃኒት አልጀምርላትም።»

ልጅቷ መዞሯን አቆመችና ጣቶቿን ዘርግታ «ስድስት» አለች፣ እንደተማረችው።

«ሞልቷታል» አለች እናቷ።

ሐኪሙ ፈገግ ብሎ የልጅቷን ራስ ደባበሳት፤ ከዚያ ኤ ዲ ኤች ዲ ብሎ ካርዱ ላይ ጻፈ። የትኩረት ማነስና የመቅበጥበጥ ችግር ነው፣ የእናት ጥፋት አይደለም፣ አትጨነቂ አላት። ተኳሿ እጁን ልትስም ምንም አልቀራት። አስራ ሁለት ደቂቃ ፈጀ።

ጠዋት ጠዋት ከዳቦ ጋር ግማሽ ክኒን፣ በወሩ አንድ ሙሉ ሆነ። መድኃኒቱ ሠራ። ልጅቷ አግዳሚው ላይ ተቀመጠች። መስመሩን ተከተለች። ምሳ ዕቃዋ ግን እንደሄደ ይመለሳል፤ የአውራ ጣቷን ቆዳ እስኪደማ ትልጣለች። ማታ ማታ ክኒኑ ሲለቃት ደግሞ ምንም ሳይነኳት ታለቅሳለች፣ ግንባሯን ከግድግዳው ጋር ታጋጫለች፤ ከዚያ ጥግ ላይ ኩርምት ብላ እንቅልፍ እስኪወስዳት ትቀመጣለች። ጥላ የት ያድራል ማለቷ ቀረ። ፌንጣ የሚላትም ቀረ፤ የሚዘል ነገር አልነበራትም። የቁልፎቹ ቆርቆሮ አልጋ ሥር ገብቶ አቧራ ለበሰ።

የዓመቱ ውጤት ሲመጣ ከሃምሳ አራት ሃያ አንደኛ ወጥታለች። መምህሯ ተኳሿን አቅፋ ሳመቻት፤ ልጅሽን አወጣናት አለቻት።

አጣፊዋ ግን አንድ ቀን ማምሻውን ልትጠይቃቸው መጥታ ልጅቷን ግድግዳው ሥር አየቻት። በማግስቱ አንሶላውን በሁለት ጫፍ ይዘው ሲያጥፉ፣ ሂጂና ለሐኪሙ ዕድሜዋን ንገሪው አለቻት። ተኳሿ ሥራዬን ማን ይሰጠኛል ብላ መለሰች። አጣፊዋ እኔ እመጣለሁ፣ ሁለታችንም ዋሽተናል፣ አብረን እንናገር ብላ ለመነቻት። በሚቀጥለው ሳምንት ተኳሿ ኃላፊውን አነጋግራ ሌላ ጠረጴዛ ላይ ተቀየረች፤ ከአጣፊዋ ጋርም ቃል መለዋወጥ አቆመች። ሰው ምን አጣላችሁ ሲላቸው ሁለቱም አይናገሩም።

እውነቱን ለመናገር፣ ለተኳሿ ያ ጊዜ መጥፎ አልነበረም። የሚጠራት መምህር የለም። ስምንት ሰዓት ቆማ ስትመጣ ጥያቄ የሚያዘንብባት የለም። ልጇ በጊዜዋ ትነሳለች፣ የተባለችውን ትሠራለች፣ ማልቀሷም ከጊዜ ብዛት ቀነሰ። ዕድሜዋን ብትናገር ያ ሁሉ እንደሚፈርስ ታውቃለች። የመጀመሪያ ሰሞን ስለ ሥራዋ ስትል ነበር ዝም ያለችው። በኋላ ግን ልጅቷ ብቻዋን ቤት መቆየት የምትችልበት ዕድሜ ደርሳ፣ ምክንያቱ ካለቀም በኋላ፣ ዝም ማለቱን ቀጠለች። ለምደዋለች።

ትምህርቱ በከበደ ቁጥር ልጅቷ ወደ ኋላ ትቀራለች፤ እናም የክኒኑ መጠን ይጨመራል። በየዓመቱ ሐኪም ይቀያየራል፤ የመጣው ሁሉ ካርዱን ከፍቶ የተጻፈውን ያነብና ከሥሩ «ይቀጥል» ብሎ ይፈርማል። የክፍል ጓደኞቿ ከትከሻቸው በታች ስለቀረች «ነጥብ» ብለው ይጠሯታል። ፎቶ ሲነሱ ሁልጊዜ ፊት ለፊት አፍራ ትቆማለች።

በወረቀቱ አስራ አራት ዓመት ሲሆናት፣ በእውነቱ ግን አስራ ሦስት ሊሞላት አራት ወር ሲቀራት፣ ክሊኒኩ ውስጥ አንዲት ሸምገል ያለች ሴት ሐኪም ተመደበች። ዶክተሯ እንደ ሌሎቹ ፈርማ አላለፈችም። የልጅቷን ቁመት ለካች፣ ሰውነቷን አየች፣ የእጇን አንጓ ራጅ አስነሳች። የአጥንቷ ዕድሜ የአስራ አንድ ዓመት ተኩል ነው አለች። መድኃኒቱ ትንሽ ሊያዘገይ ይችላል፤ ሁለት ዓመት ተኩል ግን ያሰጋል። ጭንቅላቷ ውስጥ ያለው የዕድገት ዕጢ ላይ አንድ ነገር በቅሎ ሊሆን ይችላልና እንመርምር አለች። ተኳሿ እሺ አለች።

ልጅቷ ሳትበላ አድራ በአንድ ጠዋት አምስት ጊዜ ደም ተቀዳች። በሳምንቱ ለጭንቅላት ምርመራ ወደ ትልቅ ሆስፒታል ተላከች። የሚጮኸው ማሽን ውስጥ ለአርባ ደቂቃ ተጋድማ ስትወጣ ከንፈሯ ነጥቷል። በመንገድ ላይ የእናቷን እጅ ይዛ፣ «እማ፣ እጢ ከሆነ ራሴን ይከፍቱታል?» አለቻት። ተኳሿ አይከፍቱትም አለቻት። አለመኖሩን ከማሽኑ በፊት ታውቃለች። ያን ቀን እንኳን አልተናገረችም።

ውጤቱ ንጹሕ ሆነ። ዶክተሯ ልጅቷን ደጅ እንድትጠብቅ ላከቻትና በሩን ዘጋች።

«አንድ ጥያቄ ልጠይቅሽ ነው፤ አንዴ ብቻ ነው የምጠይቅሽ» አለቻት። «ይቺ ልጅ መቼ ነው የተወለደችው?»

ተኳሿ የክንዷን ጠባሳ እያየች እውነተኛውን ቀን ነገረቻት። ከስምንት ዓመት በኋላ ለመጀመሪያ ጊዜ ስትለው ቀኑ ራሱ የሰው ቀን መሰላት።

ዶክተሯ አልጮኸችም። የድሮውን ካርድ አገላብጣ ያን ሁለት ቅጽ አወጣችና ማንበብ ጀመረች፤ ወንበሯ ላይ አትረጋም፣ ተራ አትጠብቅም፣ ዕቃ ትጥላለች፣ የጀመረችውን አትጨርስም። ቀና አለች። «በሽታው ያለባቸው ልጆች አሉ፤ በዚህ መድኃኒት ሰው የሆኑ አውቃለሁ። እዚህ ላይ የተጻፈው ግን ገና አምስት ዓመቷ የሆነች ልጅ ናት። ሌላ ምንም የለበትም።» ከዚያ ወረቀቱን አስቀመጠች። ጥፋቱ የአንቺ ብቻ አይደለም፣ እኛም ስምንት ዓመት ሙሉ ቀና ብለን ልጅቷን አላየናትም አለች። ተኳሿ ይህን ስትሰማ ትንሽ ተነፈሰች። ዶክተሯ ግን ተነስታ በሩን ከፈተችና ልጅቷን ጠራቻት። ለልጅቷ ሁሉንም ነገረቻት፣ እናቷ እዚያው ተቀምጣ እያለች።

ልጅቷ እስከ መጨረሻው አዳመጠች። ከዚያ አንድ ነገር ብቻ ጠየቀች። «ስለዚህ ዝምተኛ አይደለሁም ማለት ነው?»

ዶክተሯ አላውቅም፣ አብረን እናያለን አለቻት።

ክኒኑን በክረምቱ እረፍት ቀስ በቀስ አቆሙት። መጀመሪያ ልጅቷ ዝም ብላ ትተኛ ነበር፤ ቀጥሎ ትበላ ጀመር፣ ቆማ፣ ከድስቱ፣ በእጇ። በአዲሱ ዓመት ክፍል ውስጥ እንደ ማንኛውም ልጅ ተቀመጠች። መምህራኑ መድኃኒት ማቆሟን እንኳን አላወቁም። ዶክተሯ በየወሩ እየጠራች፣ በአዲስ ቅጽ፣ ከትክክለኛ እኩዮቿ ጋር እያስተያየች ካየቻት በኋላ ካርዱ ላይ ያለውን ስም በቀይ ሰረዘችው።

ልጅቷ ወረቀቱ እንዲስተካከልና አንድ ክፍል ወርዳ ከእኩዮቿ ጋር እንድትማር ጠየቀች። ተኳሿ ምን ያደርግልሻል፣ አንድ ዓመት ልታባክኚ ነው ብላ ተከራከረች። ልጅቷ አልተሟገተችም፤ በየቀኑ አንድ ጊዜ፣ በተመሳሳይ ቃል፣ ትጠይቃታለች። በሁለተኛው ወር ተኳሿ እጅ ሰጠች። መዝገብ ቤቱ ደግሞ የበፊቶቹ ምስክሮች ቀርበው ቃላቸውን ይሰርዙ አለ። አንደኛው ምስክር ሞቷል። ተኳሿ ለዓመታት ወደ ዘጋቻት ሴት ጠረጴዛ ሄዳ መቆም ነበረባት።

አጣፊዋ የያዘችውን አንሶላ አጥፋ አስቀመጠችና መጣች። ጸሐፊው ፊት ዋሽቻለሁ ብላ ፈረመች። ከወጡ በኋላ ደረጃው ላይ ወደ ልጅቷ ዞረች።

«እኔም በሐሰት ምያለሁ። ከእናትሽ እኩል በድዬሻለሁና ይቅር በይኝ። ግድግዳው ሥር ራስሽን ስትመቺ ያየሁሽ ቀን መናገር ነበረብኝ፤ እሷን ለመንኳት እንጂ ራሴ ሄጄ አልተናገርኩም።»

«ለመንሻት?» አለች ልጅቷ።

አጣፊዋ ተኳሿን አየቻት። ተኳሿ ወደ መንገዱ እያየች ነበር።

«በመጀመሪያው ዓመት ነው። ከተኳረፍንም በኋላ አንድ ጊዜ መንገድ ላይ አስቁሜያት፣ አንቺ ስምንት ዓመትሽ ሳለ፣ እኩያ የላት፣ ሳቅ የላት፣ አሁንስ ተናገሪ ብያት ነበር። ተያት፣ ቤቱ ሰላም ሆኗል ብቻ ብላኝ አለፈች።»

ልጅቷ እናቷ እንድትክድ ጠበቀች። ተኳሿ ግን «ላንቺ ብዬ ነው እኮ ሁሉንም ያደረግኩት፤ ምን እንድንበላ ነበር?» አለች። ይህም እውነት ነበር፣ እስከተወሰነ ዓመት ድረስ። ይቅርታ የሚለውን ቃል ያን ቀን አልተናገረችውም፤ በኋላም አልተናገረችውም።

በዚያ ምሽት እራት ቀረበ። ልጅቷ ሳህኑን አስቀመጠችና «ሾርባው በርዷል፤ ላሙቅልዎት?» አለች።

ተኳሿ ሳቀች። «ማንን ነው እርስዎ የምትይው?»

«እርስዎን» አለች ልጅቷ።

ቀልድ መስሏት ነበር። በሁለተኛው ቀን ተቆጣች፤ በሳምንቱ ለመነች፤ እንደ ድሮው ልትቆነጥጣትም እጇን ሰንዝራ ልጅቷ ሳትሸሽ ቆማ ስታያት መልሳ ሰበሰበችው። ልጅቷ አትሰድብም፣ አታኮርፍም። ሲመሽ ደህና ይደሩ፣ ሲነጋ እንዴት አደሩ ትላለች። ዕቃ ታጥባለች፣ ውኃ ትቀዳለች። ለአጣፊዋ ግን «አንቺ» ትላታለች፤ በእረፍቷ ቀን ቤቷ እየሄደች እስኪመሽ ሲያወሩ ይውላሉ፤ ሳቃቸው ከመንገድ ይሰማል ይላሉ። ጎረቤቶች ደግሞ ተኳሿን መንገድ ላይ እያስቆሙ፣ በዚህ ዘመን እናቷን አንቱ የምትል ልጅ፣ እንዴት አድርገሽ አሳደግሻት እያሉ ይጠይቋታል።

በትክክለኛው አቆጣጠር አስራ ስምንት ሲሆናት ሌላ ከተማ የላቦራቶሪ ሙያ ለመማር ገባች። አውቶቡስ ተራ ድረስ እናቷ ሻንጣዋን ይዛላት ሄደች። ወረፋ ሲጠብቁ የመመዝገቢያ ቅጹን አየችው። ችግር ቢገጥም የሚጠራ የቅርብ ሰው በሚለው ፊት ለፊት የአጣፊዋ ስም ተጽፏል። ተኳሿ አንብባ ወረቀቱን እንደነበረ አጥፋ መለሰችው፣ ጠርዙን ከጠርዙ አግጥማ።

«ደህና ይሁኑ» አለቻት ልጅቷ። እጇን ዘረጋችላት። እናቷ ጨበጠቻት፤ ልጅቷም አውቶቡሱ ውስጥ ገባች።

ተኳሿ አሁንም እዚያው ናት። ሁለት መቶ አንሶላ ከእጇ ይወጣል። አዳዲሶቹ ሠራተኞች ልጅሽ እንዴት ናት ሲሏት ካውያዋን ሳታነሳ ደህና ናት ትላለች፤ በየወሩ ትደውልልኛለች፣ በጣም ጨዋ ናት። ዕድሜዋ ስንት ሆነ ሲሏት ግን ወዲያው አትመልስም። ታስባለች፤ ትቆጥራለች፤ አንዳንዴም ትሳሳታለች።